አልነሳም ያለው ፖስትግረስ፦ እየሠራሁ የያዝኩት ማስታወሻ

ሐሙስ፣ ከምሽቱ 2:10

አሁን ተደውሎልኝ ነው የጀመርኩት። ሲስተሙ አይከፍትም አሉ፣ ገጹን ስከፍተው ከዳታቤዙ ጋር መገናኘት አልቻልኩም ይላል፣ ኮኔክሽን ሪፊውዝድ። ባለፈው እንዲህ ያለ ነገር ሲገጥመኝ በማግስቱ ምን እንዳደረግኩ በቅደም ተከተል ማስታወስ አልቻልኩም ነበር፣ ስለዚህ አሁን እየሠራሁ እዚሁ እጽፋለሁ።

ማሽኑ ኡቡንቱ 22.04 ነው፣ ዳታቤዙ ፖስትግረስ 14፣ ያለው አንድ 100 ጂቢ ዲስክ ብቻ ነው፣ ኦፕሬቲንግ ሲስተሙም ዳታውም ሎጉም እዚያው ላይ ናቸው። የመጨረሻው ባክአፕ ትናንት ሌሊት የተወሰደው ዳምፕ (የዳታቤዙ ይዘት ወደ ፋይል የወጣበት ቅጂ) ነው። ማለትም ዛሬ ቀኑን ሙሉ ሰው ያስገባው መረጃ ያለው እዚህ ዲስክ ላይ ብቻ ነው፣ ሌላ የትም የለም። ይሄን ከሁሉ በፊት የጻፍኩት ዛሬ ሌሊት የምነካውንም የማልነካውንም የሚወስነው እሱ ስለሆነ ነው።

2:25

ሲስተምሲቲኤል (ሰርቪሶችን ማስነሻና ማቆሚያው ኮማንድ) ስታተስ ፖስትግረስኪውኤል ብዬ ሳይ አረንጓዴ ነው፣ አክቲቭ ይላል። ሰርቪሱ ከሠራ ችግሩ ኔትወርክ ነው ብዬ ፋየርዎሉን አየሁ፣ ሊስን አድሬስ የሚለውን ኮንፊግ አየሁ፣ የአፕሊኬሽኑን ፓስዎርድ አየሁ፣ ሁሉም ደህና ነው። 15 ደቂቃ እንደዚህ ሄደ። ከዚያ ኤስኤስ በሚለው ኮማንድ ክፍት ፖርቶችን ስዘረዝር የፖስትግረስ ፖርት በሆነው 5432 ላይ የሚያዳምጥ ምንም የለም!

ተመልሼ ስታተሱን በደንብ ሳነበው አክቲቭ ካለ በኋላ በቅንፍ ኤግዚትድ ይላል። ለካ ኡቡንቱና ዴቢያን ላይ ፖስትግረስኪውኤል የሚባለው ሰርቪስ ራሱ ዳታቤዙ አይደለም። ባዶ ሽፋን ነው፣ ስታርት ሲባል ምንም የማይሠራ ትንሽ ፕሮግራም አስኪዶ ይወጣል፣ ስለዚህ ሁሌም አረንጓዴ ነው። እውነተኛው ሰርቪስ በስሙ ውስጥ የ«አት» ምልክት ያለው ነው፣ ቨርዥኑና የክላስተሩ (በአንድ ሰርቨር ሥር ያሉ ዳታቤዞች ስብስብ) ስም ተከትሎት ይመጣል፣ የኔ ፖስትግረስኪውኤል አት 14 ሰረዝ ሜይን ነው። ይሄን አውቀው ነበር፣ ግን ሰው እየደወለ ሲያጣድፍህ አረንጓዴ ስታይ ታምነዋለህ። ከሁሉም አጭሩ መንገድ ፒጂ ኤልኤስክላስተርስ የሚለው ኮማንድ ነው፣ በአንድ መስመር ክላስተሩን፣ ፖርቱን፣ የዳታ ፎልደሩንና የሎግ ፋይሉን ያሳያል፣ የኔን ዳውን ብሎ በቀይ አሳየኝ። በቃ፣ ወድቋል።

2:50

እውነተኛውን ሰርቪስ ስታርት አልኩት፣ ፌይልድ አለ። የሲስተሙን መዝገብ በሚያሳየው ጆርናልሲቲኤል ላይ ያለው ደግሞ ለማስነሳት ሞክሬ አልተሳካም ከማለት በቀር የሚጠቅም ነገር የለውም። ወደ ፖስትግረስ የራሱ ሎግ ሄድኩ፣ /ቫር/ሎግ/ፖስትግረስኪውኤል ውስጥ ያለው። የመጨረሻው መስመር መሀል ላይ ተቆርጧል፣ አረፍተ ነገሩ አላለቀም። ይሄ ራሱ አንድ ነገር ይናገራል፣ ሎግ ጽፎ መጨረስ ያልቻለ ፕሮግራም የሚጽፍበት ቦታ አጥቷል ማለት ሊሆን ይችላል። ግን በግምት መሄድ አልፈለግኩም፣ ራሱ እንዲነግረኝ ነው የፈለግኩት።

እንዲህ ሲሆን የማደርገው ሰርቪሶችን የሚያስተዳድረውን ሲስተምዲን ከመሀል አውጥቼ ዳታቤዙን በቀጥታ ተርሚናሉ ላይ ማስነሳት ነው፣ ኤረሩን ስክሪኑ ላይ ይተፋዋል። ሦስት ጊዜ ነው የሞከርኩት። መጀመሪያ እንደ ሩት (ሁሉም ፈቃድ ያለው ዩዘር) አስነሳሁት፣ ፖስትግረስ በሩት አይነሳም፣ ለደህንነት ሲባል እምቢ ይላል። ሁለተኛ ሱዶ ተጠቅሜ ፖስትግረስ የሚባለው ዩዘር ሆኜ የዳታ ፎልደሩን ሰጠሁት፣ ኮንፊግ ፋይሉን አላገኘሁም አለ፣ ምክንያቱም እዚህ ኮንፊጉ ዳታው ውስጥ ሳይሆን /ኢቲሲ/ፖስትግረስኪውኤል/14/ሜይን ውስጥ ነው የሚቀመጠው። ብዙ ሰው እዚህ ጋር ኮንፊጌ ጠፋ ብሎ ይደነግጣል፣ አልጠፋም፣ ቦታውን መንገር ብቻ ነው የሚያስፈልገው። ሦስተኛው ላይ ኮንፊግ ፋይል የሚለውን ኦፕሽን ጨምሬ ስሰጠው የምፈልገውን መስመር አወጣው፦

ፌታል፦ ኩድ ኖት ራይት ሎክ ፋይል ፖስትማስተር ዶት ፒአይዲ፣ ኖ ስፔስ ለፍት ኦን ዲቫይስ።

ዲስኩ ሞልቷል። ከ40 ደቂቃ በኋላ የመጀመሪያው እርግጠኛ ነገር ይሄ ነው።

3:20

ዲኤፍ ሰረዝ ኤች (የዲስክ ቦታ ማሳያው)፣ ሩት ፓርቲሽኑ (ዋናው የዲስክ ክፍል) 100 ፐርሰንት፣ አቬይለብል ዜሮ። ዲኤፍ ሰረዝ አይ ብዬ አይኖዶቹንም አየሁ፣ አንዳንዴ ቦታ እያለ የፋይል ቁጥር ስለሚያልቅ፣ እነሱ ደህና ናቸው። ተሰርዘው ግን ፕሮሰስ ይዟቸው ቦታ የማይለቁ ፋይሎች እንዳሉም በኤልኤስኦኤፍ አየሁ፣ የሉም።

አንድ ያልገባኝ ነገር አለ። ሩት ሆኜ ትንሽ ፋይል ስፈጥር ይፈጠራል። ቦታ የለም እየተባለ እንዴት? አልገባኝም፣ ግን ጽፌ አልፋለሁ፣ በኋላ እመለስበታለሁ።

የፎልደሮችን መጠን በሚያሳየው ዲዩ ከላይ ወደ ታች እየወረድኩ ፈለግኩ፣ ሰረዝ ኤክስ ጨምሬበት ወደ ሌላ ፋይልሲስተም እንዳይሻገር። ቫር፣ ሊብ፣ ፖስትግረስኪውኤል፣ 14፣ ሜይን። ዳታው ያለበት ቤዝ የሚባለው ፎልደር 39 ጂቢ፣ የሚጠበቅ ነው። ከጎኑ ያለው ፒጂ ዋል ግን 38 ጂቢ! እዚህ ሲስተም ላይ ከ1 ጂቢ ብዙም የማይዘል ፎልደር ነው፣ ማክስ ዋል ሳይዝ የሚለው ዲፎልቱ 1 ጂቢ ነውና። ፋይሎቹን ስቆጥር 2,400 ምናምን፣ እያንዳንዳቸው 16 ሜጋባይት።

3:45

አብሮኝ የሚሠራው ልጅ ደወለ። ያየሁትን ስነግረው ወዲያው «አሮጌዎቹን አጥፊያቸውና አስነሺው፣ ሎግ አይደሉ እንዴ» አለኝ። አይወቀስም፣ እኔም ከዓመታት በፊት እንደዛ ባልኩ ነበር። ግን ማንም እንዲሳሳት ስለማልፈልግ እዚህ ላይ ረዘም አድርጌ እጽፋለሁ።

ዋል ማለት ዳታቤዙ አንድ ለውጥ ሲደረግ ከሁሉ በፊት የሚጽፍበት መዝገብ ነው። አንድ ሰው መረጃ ያስገባና ኮሚት ሲባል ለውጡ ዋል ውስጥ ገብቶ ዲስክ ላይ አርፏል ማለት ነው እንጂ ዋናው የዳታ ፋይል ላይ ገና ላይጻፍ ይችላል። ዋናው ፋይል ላይ የሚሰፍረው በኋላ ነው፣ ቢዘገይ ቢዘገይ ቼክፖይንት (የተጠራቀመው ለውጥ ሁሉ ዳታ ፋይሉ ላይ የሚሰፍርበት ጊዜ) ሲመጣ። ስለዚህ ሰርቨሩ በድንገት ሲወድቅ ከመጨረሻው ቼክፖይንት ወዲህ ለተደረገው ሁሉ ብቸኛው አስተማማኝ ማስረጃ ዋል ነው። እሱን አጠፋህ ማለት ዳታቤዙ ሲነሳ የሚይዘው ክር የለውም፣ ትክክለኛ የቼክፖይንት መዝገብ ማግኘት አልቻልኩም ብሎ ፓኒክ ያደርጋል፣ ከዚያ በኋላ ያለው መንገድ ባክአፕ ወይም ፒጂ ሪሴትዋል ነው።

ፒጂ ሪሴትዋል ደግሞ ብዙ ቦታ እንደ መድኃኒት ሲታዘዝ አያለሁ፣ እኔ ግን ሌላ ምንም አማራጭ የሌለው ሰው የሚወስደው የመጨረሻ እርምጃ ነው የምለው፣ ምክንያቱም ዋሉን ጥሎ ከአዲስ ይጀምርና ዳታቤዙን ያስነሳዋል፣ ሲነሳ ደህና ይመስላል፣ ውስጡ ግን ግማሹ የተጻፈ ግማሹ ያልተጻፈ ሊሆን ይችላል፣ ኢንዴክሱ አንድ ነገር ይላል ቴብሉ ሌላ። ከተነሳ በኋላም ዳታውን በዳምፕ አውጥቶ አዲስ ክላስተር ላይ መመለስ ነው እንጂ እሱ ላይ ሥራ መቀጠል አይገባም።

ፒጂ ዋል የሚለው ስም ራሱ ታሪክ አለው። እስከ 9.6 ድረስ ፎልደሩ ፒጂ ኤክስሎግ ነበር የሚባለው፣ ሰዎች ሎግ የሚለውን ስም እያዩ ቦታ ለማስለቀቅ ያጠፉት ነበር፣ ዳታቸውም አብሮ ይሄድ ነበር። በ2017 ቨርዥን 10 ሲወጣ ስሙን ፒጂ ዋል አሉት፣ ፒጂ ሲሎግ የነበረውንም ፒጂ ኤክስአክት አሉት፣ ሎግ የምትለዋ ቃል እንድትጠፋ።

ለልጁ ይሄን ስነግረው ዝም ብሎ ሰማኝና «እና የትኛው እንደሚያስፈልግ እንዴት ይታወቃል?» አለ። ጥሩ ጥያቄ ነው። ፒጂ ኮንትሮልዳታ የሚለው ፕሮግራም ዳታቤዙ ሳይነሳም ያሳያል፣ የመጨረሻው ቼክፖይንት ሬዶ ዋል ፋይል ብሎ ስሙን ይጽፋል፣ ከእሱ ወዲህ ያለው ሁሉ ለመነሳት የግድ ነው። የዳታቤዙ ሁኔታ የሚለው መስመር ደግሞ ኢን ክራሽ ሪከቨሪ ይላል፣ ማለትም በሰላም አልተዘጋም፣ ወድቆ ሊነሳ ሲሞክር ነው የቆመው። ከዚያ ፋይል በፊት ያሉትን በእጅ ማጥፋት በወረቀት ላይ ይቻላል፣ ግን በእጅ እኮ ነው፣ ሌሊት ነው፣ ስማቸው ባለ 24 ሆሄ ቁጥር ነው። አልነካቸውም አልኩት፣ ተስማማን።

4:30

ምንም ከመንካቴ በፊት ኮፒ። ማሽኑ ላይ ሌላ 200 ጂቢ ዲስክ አስገጠምኩ፣ ኢኤክስቲ 4 በሚባለው ፋይልሲስተም ፎርማት አደረግኩት፣ ማውንት አደረግኩት፣ ማለትም እንደ ፎልደር እንዲከፈት አያያዝኩት። የፖስትግረስ ፕሮሰስ ጨርሶ እንደሌለ በፒኤስ አረጋገጥኩ፣ ዳታቤዙ እየሠራ ፎልደሩን ዝም ብሎ ኮፒ ማድረግ የማይረባ ኮፒ ነው የሚሰጠው፣ አሁን ግን ስለቆመ ፎልደሩ እንዳለ ሙሉ ነው። አርሲንክ የሚባለው መገልበጫ፣ ባለቤትነቱንም ፐርሚሽኑንም ሊንኮቹንም ጠብቆ እንዲወስድ። 77 ጂቢ።

እየተገለበጠ ነው። ደዋዮቹ መቼ ይነሳል ይላሉ፣ ግማሽ ሰዓት ጨምሩልኝ አልኳቸው። ይሄ ግማሽ ሰዓት ሲያዩት የባከነ ይመስላል። ለኔ ግን ከዚህ በኋላ የማደርገው ነገር ቢበላሽ መመለሻ አለኝ ማለት ነው፣ እጄ መንቀጥቀጡን የሚያቆመው እሱ ነው።

5:15

ኮፒው አለቀ። ሁለተኛ ጊዜ አርሲንክ አስኬድኩት፣ የሚጨምረው ነገር የለም። አሁን ቦታ ማስለቀቅ፣ ከዳታቤዙ ፎልደር ውጪ ካለው ብቻ።

አፕት ክሊን፣ ትንሽ ተገኘ። ጆርናልሲቲኤል ቫኪዩም ሳይዝ 200 ሜጋ ብዬ የድሮ ጆርናሎችን አስወገድኩ፣ ከ1 ጂቢ ትንሽ በለጠ። ለመነሳት ይበቃ ይሆናል፣ ግን ልክ ተነስቶ እንደገና ቢሞላ ሌላ ውድቀት ነው።

እዚህ ላይ ነው ያ ያልገባኝ ነገር የተፈታልኝ! ኢኤክስቲ 4 ሲፈጠር ካልተነገረው በስተቀር 5 ፐርሰንቱን ለሩት ያስቀምጣል፣ ዲስኩ ቢሞላ እንኳን አድሚኑ ገብቶ እንዲያስተካክል። ሩት ሆኜ ፋይል መፍጠር የቻልኩት፣ ፖስትግረስ የሚባለው ዩዘር ደግሞ አንድ መስመር እንኳ መጻፍ ያልቻለው ለዚህ ነው። 100 ጂቢ ላይ 5 ጂቢ ነው! ቲዩንቱኤፍኤስ ሰረዝ ኤም 1 ብዬ ወደ 1 ፐርሰንት አወረድኩት፣ ዲስኩ ማውንት እንደሆነ ነው የሚሠራው፣ ምንም አይጠፋም፣ ወዲያው 4 ጂቢ ተለቀቀ። አንድም ፋይል ሳልሰርዝ ማለት ነው። ይሄን ከመጀመሪያው ባስታውሰው ኖሮ ጆርናሎቹንም ባልነካሁ፣ ምክንያቱም በኋላ ምን ሰዓት ምን እንደሆነ ለማየት ሊጠቅሙኝ ይችሉ ነበር።

5:40

ስታርት። ሎጉን በቴይል እያየሁ ነው፣ የሚለውን እንደመጣ እጽፋለሁ። ዳታቤዙ ተቋርጦ ነበር፣ በትክክል አልተዘጋም፣ አውቶማቲክ ሪከቨሪ እየተካሄደ ነው። ሬዶ ስታርትስ አት። አፕሊኬሽኑ መሀል ላይ ለመግባት ሲሞክር ዳታቤዙ እየተነሳ ነው የሚል ፌታል ይመለስለታል፣ ይሄ ጤናማ ነው፣ ደንግጦ መግደል አያስፈልግም።

ፈርቼ የነበረው 38 ጂቢውን ሁሉ አንድ በአንድ ያነበዋል ብዬ ነው። አያነበውም። ሪከቨሪ የሚጀምረው ከመጨረሻው ቼክፖይንት ነው፣ ቼክፖይንት ደግሞ በዲፎልት ቢበዛ በየ5 ደቂቃው ይመጣል። አንድ ደቂቃ አልሞላም፣ ሬዶ ደን አት፣ ከዚያ ሬዲ ቱ አክሰፕት ኮኔክሽንስ።

ተነሳ! ግን ገና አላለቀም፣ 38 ጂቢው እዚያው ነው፣ ለምን እንደተከማቸ አላወቅኩም።

6:05

ፖስትግረስ ዋሉን ከቼክፖይንት በኋላ ራሱ ያጸዳል ወይም ስሙን ቀይሮ መልሶ ይጠቀምበታል። ካላጸዳ የሚይዘው ነገር አለ። የማውቃቸው ዋና ዋናዎቹ፦ አርካይቭ ኮማንዱ (ዋሉን ወደ ሌላ ቦታ የሚገለብጠው) እየከሸፈ ከሆነ፣ ዋል ኪፕ ሳይዝ (እንዲቀመጥ የታዘዘው የዋል መጠን) በጣም ትልቅ ከሆነ፣ ወይም ሬፕሊኬሽን ስሎት (ቅጂ ለሚይዝ ሌላ ሰርቨር ዋል እንዳይጠፋ የሚይዝ ምልክት) ከያዘው። አርካይቪንግ እዚህ አልበራም። ኪፕ ሳይዙ ዜሮ ነው። ፒጂ ሬፕሊኬሽን ስሎትስ የሚለውን ቪው ሴሌክት ሳደርግ አንድ ስሎት አለ፣ አክቲቭ የሚለው ፎልስ ነው፣ ዋል ስታተሱ ኤክስቴንድድ ይላል፣ ሪስታርት ኤልኤስኤኑን (ስሎቱ ዋሉን ከየት ጀምሮ እንደያዘ የሚያሳየውን ቁጥር) አሁን ካለው ጋር በፒጂ ዋል ኤልኤስኤን ዲፍ ሳወዳድረው ልዩነቱ 38 ጂቢ አካባቢ።

የስሎቱን ስም ሳየው ወዲያው አወቅኩት፣ እኔ ነኝ የፈጠርኩት። ከ22 ቀን በፊት ስታንድባይ ሰርቨር (ዋናውን እየተከተለ ቅጂውን የሚይዝ) ለመሞከር ሌላ ማሽን አቁሜ ነበር፣ ቤዝ ባክአፕ ስወስድ ስሎቱን አብሮ ፈጠረው፣ ሙከራው ሲያልቅ ማሽኑን አጠፋሁት። ስሎቱ ግን የሚኖረው ዋናው ሰርቨር ላይ ነው። ዋናው ሰርቨር ያ ስታንድባይ አንድ ቀን ይመለሳል ብሎ፣ ሲመለስ የቀረበትን እንዲያገኝ፣ ከዚያ ቀን ጀምሮ ያለውን አንድም ዋል አልጣለም። በቀን 1.7 ጂቢ አካባቢ፣ 22 ቀን። የተሰጠውን ሥራ በታማኝነት ነው የሠራው። ጥፋቱ የኔ ነው፣ ነገ ጠዋት ለሁሉም እንደዛው ብዬ እነግራቸዋለሁ።

ፒጂ ድሮፕ ሬፕሊኬሽን ስሎት፣ ከዚያ ቼክፖይንት የሚለውን በእጅ። ዲኤፍ ሳይ 100 የነበረው ከ60 በታች ወርዷል። አንድም የዋል ፋይል በእጄ ሳልነካ ዳታቤዙ ራሱ አጸዳው። ለልጁ ስክሪኑን ፎቶ አንስቼ ላኩለት።

7:30

ተነሳ ማለት ደህና ነው ማለት ስላልሆነ ሁለት ነገር አደረግኩ። ፒጂ ዳምፕኦል ወደ /ዴቭ/ነል፣ የሚወጣውን ለማስቀመጥ ሳይሆን እያንዳንዱን ቴብል መጨረሻ ድረስ እንዲያነበው፣ የተበላሸ ገጽ ቢኖር እዚያ ይጮሃል። ከዚያ ፒጂ አምቼክ፣ ከ14 ጀምሮ አብሮ የሚመጣ ነው፣ ቴብሎቹንና ቢትሪ ኢንዴክሶቹን ይፈትሻል። ሁለቱም ንጹሕ። ዛሬ ቀን የገቡትን የመጨረሻ መዝገቦች ከአፕሊኬሽኑ ሎግ ጋር አመሳከርኩ፣ ከመውደቁ ሰከንዶች በፊት የተመዘገበው እንኳ አለ። ልተኛ።

ዓርብ

አጭር ቀን ነው። ማክስ ስሎት ዋል ኪፕ ሳይዝ የሚለውን 10 ጂቢ አደረግኩት። ከቨርዥን 13 ጀምሮ ያለ ነው፣ ዲፎልቱ ሰረዝ 1 ማለትም ገደብ የለሽ ነው፣ እኔን የጣለኝም ያ ነው። አሁን የተረሳ ስሎት 10 ጂቢ ካለፈ ስሎቱ ይሰናከላል እንጂ ዋናው ዳታቤዝ አይወድቅም። ስታንድባይ ቢኖረኝ እሱን እንደገና መሥራት ሊኖርብኝ ይችላል፣ ግን ከሁለቱ የቱ እንደሚሻል አያከራክርም። ሪስታርት አያስፈልገውም፣ ሪሎድ ይበቃል። ዲስኩ 80 ፐርሰንት ሲደርስ፣ አክቲቭ ያልሆነ ስሎት ሲገኝም ሜሴጅ የሚልክ ስክሪፕት በየጊዜው በሚያስኬደው ክሮን ላይ አስገባሁ። ደግሞ በኤፍአሎኬት 2 ጂቢ የሆነ ባዶ ፋይል ፈጥሬ አስቀመጥኩ፣ ሌላ ቀን ዲስኩ ቢሞላ መጀመሪያ የሚጠፋው እሱ ነው።

ቅዳሜ፣ ከጠዋቱ 3:00

ዳታውን ወደ አዲሱ 200 ጂቢ ዲስክ ማዛወር ፈለግኩ፣ ሎግ ዳታቤዝን ዳታቤዝ ደግሞ ሲስተሙን እንዳያንቅ። ለሁሉም አስታውቄ በሥርዓቱ አቆምኩት፣ አርሲንክ አደረግኩ፣ ኮንፊጉ ላይ ዳታ ዳይሬክተሪ የሚለውን ወደ አዲሱ ቦታ ቀየርኩ፣ ስታርት። እምቢ አለ።

የዳታ ፎልደሩ ባለቤት ሩት ነው ይላል። ፎልደሩን አስቀድሜ በእጅ ፈጥሬው ነበር፣ አርሲንኩን ስጽፍ ደግሞ ከምንጩ ስም በኋላ ስላሹን (/) ብቻ ማድረግ ሲገባኝ ኮከብ ጨመርኩበት፣ ስለዚህ ውስጡ ያሉትን ሁሉ ከነባለቤታቸው ወሰደ፣ ውጪያዊውን ፎልደር ግን እንደነበረ ተወው። ባለቤቱን በቾውን ቀይሬ ስሞክር ሁለተኛ ኤረር፣ ፐርሚሽኑ ልክ አይደለም፣ 0700 ወይም 0750 መሆን አለበት። 0755 ነበር፣ ማለትም ማንም ሊያነበው ይችላል፣ ፖስትግረስ ደግሞ እንዲህ ክፍት በሆነ ፎልደር ላይ አይነሳም። ወደ 0700 መለስኩት። እዚህ ላይ አንዳንዱ ሰው ተናዶ 777 ይሰጠዋል፣ ይሄ ነገሩን ያብሳል እንጂ አያስነሳውም። ሌላ ደግሞ የሚረሳው ነገር ከላይ ያሉት ፎልደሮች ናቸው፣ አንዱ ላይ ማለፍ ካልተፈቀደለት ታችኛው ልክ ቢሆንም አይደርስበትም። ኔምአይ ሰረዝ ኤል የሚለው ኮማንድ መንገዱን ከላይ እስከ ታች አንድ በአንድ ከነፐርሚሽኑ ይዘረዝረዋል፣ የኔ ጥሩ ነበር።

ተነሳ። በ10 ደቂቃ ያለቀ ነገር ነው።

3:50

ሪቡት ካላደረግኩት አላምነውም ብዬ ሪቡት አደረግኩት። ዳውን! የዳታ ፎልደሩ አይገኝም ወይም የለም ይላል። ገብቼ ሳየው ፎልደሩ አለ፣ ዲስኩም ማውንት ሆኗል፣ በእጅ ስታርት ስለው ይነሳል። ይሄ አይነቱ ነው የሚያስቸግረው፣ ችግሩ ስታየው የለም፣ ሳታየው አለ።

ሰዓታቸውን በጆርናልሲቲኤል ጎን ለጎን ሳይ ፖስትግረስ ከማውንቱ በፊት ነው ለመነሳት የሞከረው። ለምን? ማሽኑ ሲነሳ ማውንት የሚሆኑትን ዲስኮች በሚዘረዝረው ኤፍኤስታብ ላይ ዲስኩን ሳስገባ ኖፌይል የሚለውን ኦፕሽን ጨምሬ ነበር፣ ዲስኩ ቢጠፋ እንኳን ማሽኑ ቡት እንዲያደርግ። ሀሳቡ ጥሩ ነው፣ ግን ኖፌይል ሲኖር ሲስተምዲ ያንን ማውንት አይጠብቀውም፣ ሌሎቹን ሰርቪሶች ማስነሳቱን ይቀጥላል። ሁለቱ እሽቅድድም ይገባሉ፣ አንዳንዴ ዲስኩ ይቀድማል አንዳንዴ ዳታቤዙ።

የፖስትግረስን ዩኒት ፋይል (ሰርቪሱ እንዴት እንደሚነሳ የተጻፈበትን) በሲስተምሲቲኤል ካት ከፍቼ ሳነበው መልሱ ውስጡ አለ። ሪኳየርስ ማውንትስ ፎር የሚል መስመር አለው፣ እዚያ የተጻፈው ግን የተለመደው /ቫር/ሊብ/ፖስትግረስኪውኤል ነው። ዳታው እዚያ ቢሆን ኖሮ ራሱ ይጠብቅ ነበር፣ እኔ ወደ ሌላ ቦታ ስወስደው አልነገርኩትም። ሲስተምሲቲኤል ኤዲት ብዬ ተጨማሪ ፋይል ውስጥ አንድ መስመር፣ ሪኳየርስ ማውንትስ ፎር ከአዲሱ መንገድ ጋር። ዋናውን ዩኒት ፋይል ግን አልነካሁም፣ ፓኬጁ አፕዴት ሲሆን ይደመሰሳል።

እግረ መንገዴን ኤፍኤስታቡ ላይ ዲስኩን በዲቫይስ ስሙ ጽፌው ስለነበር ወደ ዩዩአይዲ (የዲስኩ የራሱ መለያ ቁጥር) ቀየርኩት፣ ስሙ ሪቡት ሲደረግ ከሌላ ዲስክ ጋር ሊቀያየር ይችላል፣ ቁጥሩን ብልክአይዲ ይሰጣል።

ሦስት ጊዜ ሪቡት አደረግኩ፣ ሦስቱንም ጊዜ ራሱ ተነሳ። አራተኛውን ዲስኩን ነቅዬ አደረግኩት፣ ማሽኑ ቡት አደረገ፣ ፖስትግረስ ደግሞ ማውንቱ ስለሌለ አልነሳም ብሎ ጥርት ያለ ኤረር ጻፈ፣ እንደዛ ነው የምፈልገው። መልሼ ሰካሁት።

ሐሙስ፣ ከሳምንት በኋላ

ፒጂ ዋል 1.1 ጂቢ ነው፣ ሳምንቱን ሙሉ ከዚያ ብዙም አልተነቃነቀም። ስሎት የለም። ሩት ፓርቲሽኑ 17 ፐርሰንት፣ አዲሱ ዲስክ የሐሙሱን ኮፒ ጨምሮ 60 አካባቢ። ልጁ ስታንድባዩን እንደገና እንሥራው ብሎኛል፣ በዚህኛው ጊዜ ስሎቱን ከእኔ ጋር ሆኖ ይፈጥረዋል፣ ማፍረሻ ኮማንዱንም አብረን ጽፈን መዝገብ ውስጥ አስገብተነዋል። የየሌሊቱ ዳምፕ ዛሬ ሌላ ማሽን ላይ ወጥቶ ሙሉ በሙሉ ሪስቶር ሲሆን ካየሁ በኋላ የዚያን ሌሊት 77 ጂቢ ኮፒ አጠፋሁት።